ቀኝ አውለኝ

ባልዲውን ብለቀው ይህ ሁሉ ባልመጣ፤
የሚፈሰው ቀለም፣ ነፍስ አይደል የሚወጣ።
በበርገን ደረጃ፣ ዝናብ ባሟለጨው፣
ባልዲው ወደ ታች ሳበ፣ እጄ አልለቅም አለው።
አንድ ድምፅ ሰማሁ፣ እንደ ጭራሮ ስብር፤
ጠብ ያላለ ነገር ቀለሙ ብቻ ነበር።

ሐኪሙ ምስሉን ብርሃን ላይ ሰቅሎ
«ጅማት ነው» አለኝ፣ «ከአጥንቱ ተነቅሎ።»
እኔ እስከማውቀው ጅማት የክራር ነበር፤
ቢበጠስ ሌላ ቋጥሮ፣ ቃኝቶ፣ መደርደር።
የእኔንም ቋጠሩት፣ በክርና ብሎን፤
ቅኝቱ ግን ወር ይፈጃል፤ ማን ሊሰማ ድምፁን።

አርባ ቀን እንደ አራስ፣ በጨርቅ ተጠቅልሎ፣
ክንዴ ደጁን ሳያይ ደረቴ ላይ ውሎ፣
ጣጣው ሁሉ በአንድ ቀን ለግራዬ ወረደ።
ግራ እጅም ግራ ገባው፤
ማንኪያው አፌ ሳይደርስ ሾርባው ጥሎኝ ሄደ።
«ጥርስ ፋቅ» ብለው ጉንጬን ፋቀ፤
ዘውድነሽ አፏን ይዛ፣ ትከሻዋ ሳቀ።

ጠዋት እንደ ልማዴ «ቀኝ አውለኝ» አልኩና
ራሴው ደነገጥኩ፤ ቀኜ ተኝቷልና።
በግራ አይማተብም። በዓይኔ አማተብኩኝ፣
በመስኮቱ እንጨት ላይ፣
ከላይ ወደ ታች፣ ከግራ ወደ ቀኝ።
መስቀል ነው ለካ።
ስንቱን መስኮት ቀባሁ፣ እንጨት ብቻ መስሎኝ።

ረቡዕ ረቡዕ ሪግሞር አለች፣
እጇ የሚቀዘቅዝ፣ ወሬ የማታበዛ፤
«ግድግዳውን በጣትህ፣ እንደ ሸረሪት፣ ውጣ» ትላለች።
በቀን አራት ጣሪያ ስቀባ የኖርኩ ሰው
አንድ ግድግዳ በሁለት ጣት፣ በላብ ስዳብሰው!
ድር ሲያብር አንበሳ ያስራል ይባላል፤
የእኔ ድር ገና ከአጥንቱ ጋር ይተዋወቃል።

ቤት ደግሞ ናርዶስ አለች፣ እርሳስ ይዛ።
ጣቴ ከደረሰበት ታሰምራለች፣ ቀን ትጽፋለች።
«አባዬ፣ ትናንት እኮ ከዚህ በላይ ነበርክ።»
ከጎኑ የእሷ ቁመት፣ የዘንድሮ፣ የአምና፣ የካቻምና፤
አንድ ግድግዳ ላይ እያደግን ነን፣ እሷም እኔም፣
የእሷ ግን ወደ ኋላ አይመለስም።

ያኔ ነው ወይዘሮ ቶርቢዮርግ ትዝ ያሉኝ።
«የኩሽናውን በር» ብለው ቁልፍ ሰጥተውኝ ሄዱ።
መቃኑ ላይ የልጆች ቁመት፣ ስም፣ ዓመት፤
አንደኛው ልጅ ዘጠኝ ዓመቱ ላይ የቆመ።
ሁለት ጊዜ አለፍኩበት። ንጹሕ ነጭ።
ሲመለሱ ምንም አላሉም፤
መዳፋቸውን መቃኑ ላይ አሳረፉ።
«እርጥብ ነው» አልኳቸው። አላነሱትም።
እኔን ያናደደኝ የተበላሸው ቀለም ነበር፤
የእጃቸውን አሻራ ለሦስተኛ ጊዜ ቀባሁበት።
ሒሳቤን ቆጥረው ሰጡኝ፣ በነጭ እጅ።

አሁን ሌሊት ትከሻዬ ሲጠዘጥዘኝ፣
መተኛት አቅቶኝ ወንበር ላይ ሳነጋ፣
የናርዶስን ግድግዳ እጠብቃለሁ፣ እንደ ዘብ።
የአከራዩ ደብዳቤ ጠረጴዛው ላይ ነው፤
«ሲለቁ ግድግዳው ነጭ ይሁን» ይላል።

በአምስተኛው ወር፣ ማክሰኞ፣ ዝናብ እንደ ወትሮው፣
ዳቦ ልገዛ በሩን ስከፍት
እጄ ሳላዘው ተነሳ፤
ግንባሬን ነካ፣ ደረቴን፣ ግራዬን፤
ቀኙ ላይ ሲደርስ አመመኝ።
ጨረስኩት።

በዚያው ቀን ኦድቫር ደወለ፣ አለቃዬ።
«እጅህ ጣሪያ ይደርሳል?»
«ጣሪያ አይደርስም።»
«ታዲያ እስከ የት ይደርሳል?»
«እስከ ግንባሬ» አልኩት።
ዝም አለ። ምን ይበል?
ከኋላው፣ በስልኩ ውስጥ፣
አንድ ሰው ባልዲ ሲያስቀምጥ ሰማሁ።